ሸሸ ወይስ አፈገፈገ?

እኔ በዕድሜዬ ሰው መትቼ አላውቅም። ተመትቼ ግን አውቃለሁ፤ እሱም ቢሆን ለሌላ ሰው የተሰነዘረ ቡጢ መሐል ገብቼ ነው። በግ ሲታረድ ፊቴን አዞራለሁ። ባለቤቴ ሰናይት በረሮ ስታይ እኔን አትጠራም፤ እኔ ግን በረሮ ሳይ እሷን እጠራለሁ። ይህን የመሰለ ሰው ምን ማንበብ ይወዳል ብትሉኝ መልሱ ያሳፍረኛል። ድብድብ ነው። ቡድን ከቡድን፣ ፓርቲ ከፓርቲ፣ ጦር ከጦር የሚተናነቅበት መጽሐፍ ካገኘሁ ምሳዬን እረሳለሁ። የፍቅር ልብ ወለድ ስጡኝ፣ ሦስተኛው ገጽ ላይ አንኮራፋለሁ። ሁለት ባላንጣዎች የሚፋጠጡበትን ስጡኝ፣ ስሜን ብትጠሩኝም አልሰማችሁም።

ሥራዬ ልብስ ስፌት ነው። ሸዋ ሮቢት ከአስፋልቱ ትንሽ ገባ ብሎ ፊት ለፊቱ የኒም ዛፍ ያለበት በረንዳ ካያችሁ፣ በረንዳው ላይ የስፌት መኪና፣ መኪናው ላይ ደግሞ በጨርቅ ፈንታ መጽሐፍ ተዘርግቶ ካያችሁ፣ ያ የእኔ ነው። የከተማችንን ሙቀት ላላየ ሰው ማስረዳት ይከብዳል። ከደጋ የሚመጣ ደንበኛ ጣርማ በር ላይ አጥብቆ የተከናነበውን ጋቢ እኛ ዘንድ ሲደርስ የት እንደሚጥለው ይጨንቀዋል። ከቀኑ ሰባት ሰዓት ላይ መቀሱ ራሱ ያቃጥላል። በዚያ ሰዓት መስፋት አይቻልም፤ ማንበብ ይቻላል። የእኔ ጥፋት ሁለቱን አንድ ላይ ማስኬዴ ነው።

አንድ ጊዜ የሁለት ኳስ ክለቦችን ባላንጣነት የሚተርክ መጽሐፍ እያነበብኩ አንድ መምህር የሰጠኝን ሱሪ አሳጥር ነበር። ጨዋታው ሰማንያ ዘጠነኛ ደቂቃ ላይ ደርሶ ዳኛው ፍጹም ቅጣት ምት ሲሰጥ፣ እግሬ መርገጫውን አልለቅ አለና የሱሪውን አንድ እግር ከአፉ ግጥም አድርጌ ሰፋሁት። መምህሩ በማግስቱ ጧት ለክፍል ሊለብሰው ሲል በአንድ እግሩ እየዘለለ ሄዶ ከቁምሳጥኑ ጋር ወድቋል አሉ። ሊሰድበኝ መጣ፣ ሰደበኝ፣ ሄደ። ኳሱ ገባ ወይስ ሳተ ብሎ እንኳን አልጠየቀኝም። እንዲህ ያለም ሰው አለ።

ያንኑ መጽሐፍ ለጎረቤቴ ለፀጉር አስተካካዩ አዋስኩት። በሳምንቱ ደንበኞቹ ለሁለት ተከፈሉ። አንዱ ግማሽ ራሱን ተላጭቶ ሳለ ከአስተካካዩ ጋር ተጣላና «ከዚህ በኋላ በአንተ ምላጭ አልነካም!» ብሎ ፎጣውን ወርውሮ ወጣ። ሁለት ቀን ሙሉ፣ በዚያ ሙቀት፣ የሱፍ ኮፍያ አድርጎ ሲዞር አየሁት። ሲያየኝ መንገድ ይቀይር ነበር።

ሁለተኛው መጽሐፍ የፖለቲካ ነበር። ሁለት የድሮ ጓዶች ፓርቲያቸውን ከመሐል ሰንጥቀው በየአዳራሹ ሲካሰሱ፣ ሲወነጃጀሉ፣ ወንበር ሲነጣጠቁ የሚያሳይ ነው። ያንን ጨርሼ በማግስቱ የእድር ስብሰባ ሄድኩ። የዕለቱ አጀንዳ የተቀደደው ድንኳን ይጠገን ወይስ ይቀየር የሚል ነው። ምን እንደነካኝ አላውቅም፤ ተነሥቼ «በዚህ እድር ውስጥ የተደራጀ ተቃዋሚ ባለመኖሩ…» ብዬ ጀመርኩ። የእድሩ ሰብሳቢ ጋሽ ደምሴ ጡረታ የወጡ የጤና ረዳት ናቸው። መነጽራቸውን ወደ አፍንጫቸው ጫፍ አውርደው ለረጅም ጊዜ አዩኝና «ልጄ፣ ትኩሳት አለህ?» አሉኝ። ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ከዚያ አንዱ «ለመሆኑ ልብስ ሰፊ አይደለም?» አለ። ድንኳኑ በሙሉ ድምፅ ለእኔ ተሰጠ። ሦስት ቀን ሙሉ ሸራ ውስጥ ተጠቅልዬ በመርፌ ስታገል የተቃዋሚነት ዘመኔ አበቃ።

ሰናይት ይህን ሁሉ ካየች በኋላ ከፊቴ ቁጭ ብላ «ስማኝ፣ ከዛሬ ጀምሮ እዚህ ቤት የሚገባ መጽሐፍ ስለ ዶሮ እርባታ ይሁን» አለችኝ። እሺ አልኳት።

ሦስተኛውን መጽሐፍ ያገኘሁት ደብረ ብርሃን ነው። ክርና ገበር ልገዛ ወጥቼ፣ ልመለስ መናኸሪያ ስገባ አንድ አዟሪ ክንዱ ላይ መጻሕፍት ደርድሮ ፊቴ ተገተረ። ስለ ዶሮ እርባታ እንዳለው ልጠይቀው አፌን ስከፍት ዓይኔ ጭስ የሚወጣበት ተራራ ሥዕል ላይ አረፈ። ወፍራም የጦርነት መጽሐፍ ነው፤ በድሮው መንግሥት ወታደሮችና በታጋዮች መካከል የተደረገውን ውጊያ ምሽግ በምሽግ የሚተርክ። ስለ ዶሮ መጠየቄን ተውኩት።

ሚኒባሱ ከተማውን ሳይወጣ እኔ ውጊያው ውስጥ ገብቻለሁ። ጣርማ በር ዋሻው ውስጥ ስንገባ ጨለመና የአንድ ሻለቃ ዕጣ ፈንታ ዓረፍተ ነገር መሐል ላይ ተንጠልጥሎ ቀረብኝ። «መብራት አብራ እንጂ!» ብዬ ሾፌሩ ላይ ጮህኩ። ረዳቱ ዞሮ «ጋሼ፣ አሞዎታል እንዴ?» አለኝ። ቁልቁለቱን ስንወርድ ጆሮዬ ሲደፈን የመድፍ ፍንዳታ ያደነቆረኝ መስሎኝ ደስ አለኝ። በመጨረሻ ቀና ብዬ «ወራጅ አለ!» ስል አጠገቤ የነበሩት ሰዎች ሁሉ ተቀይረዋል። ካራቆሬ ደርሰናል። ሸዋ ሮቢትን፣ ሱቄን፣ ሚስቴን በመስኮት አልፌ መሄዴ ነው። ሰናይት ደውላ «የት ደረስክ?» ስትለኝ «ምሽግ» ልላት ትንሽ ነው የቀረኝ።

አሁን ወደ ዋናው መከራዬ ልግባ። በረንዳዬ ላይ ሁለት ቋሚ ተቀማጮች አሉ። አንደኛው ጋሽ ወርቅነህ ናቸው፤ የሰናይት አጎት፣ እንደ አባት ያሳደጓት፣ ከዘራቸውን ወለል ላይ መታ ሳያደርጉ ንግግር የማይጀምሩ ሰው። ሁለተኛው ጋሽ ሰይድ ናቸው፤ የማሾና የእህል ነጋዴ፣ ዙሁር ሰግደው ቀጥታ ወደ እኔ የሚመጡ፣ መቁጠሪያቸው ከእጃቸው የማይለይ። ሁለቱ ከከተማ ወጣ ብሎ ወንዝ ዳር ጎን ለጎን የሽንኩርት ማሳ አላቸው። አንድ የውሃ ሞተር በጋራ ገዝተው ተራ እየጠበቁ ያጠጣሉ። የሰው ወንድም እንኳ እንዲህ አይስማማም።

በወጣትነታቸው ጋሽ ወርቅነህ የመንግሥት ወታደር፣ ጋሽ ሰይድ ደግሞ ታጋይ እንደነበሩ ከተማው ሁሉ ያውቃል። እነሱም ያውቃሉ። ግን ሃያ ዓመት ሙሉ አንድ በረንዳ ላይ ሲቀመጡ ስለዚያ ትንፍሽ ሲሉ ሰምቼ አላውቅም። ስለ ሽንኩርት ያወራሉ፣ ስለ ስኳር በሽታ ያወራሉ፣ ስለ ባጃጅ ሾፌሮች ብልግና ያወራሉ። ያ ዝምታ ሁለቱ ሆን ብለው፣ ተጠንቅቀው፣ በወፍራም ክር የሰፉት ነገር መሆኑ አልገባኝም። ልብስ ሰፊ ሆኜ! እኔው ራሴ ጫፉን ይዤ ተረተርኩት።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ጋሽ ሰይድ «ምንድነው እንዲህ አፍህን አስከፍቶ የሚያስነብብህ?» አሉኝ።

«የጦርነት መጽሐፍ ነው ጋሼ።»

«በል ጮክ በልና አንብበው። ሙቀቱን ያስረሳናል።»

ጋሽ ወርቅነህ ከዘራቸውን ግድግዳው ላይ አስደገፉት። በኋላ ሳስበው፣ እኚያ ሰው ከዘራቸውን ከእጃቸው ሲለዩ ያኔ ነበር መጠንቀቅ የነበረብኝ።

የመጀመሪያዎቹ ሁለት ቀናት ሰላም ነበሩ። ስለ ደረቅ ብስኩት፣ ስለ ቅማል፣ እግር ስለማይገባበት ጫማ የሚተርከውን ሳነብ ሁለቱም በየራሳቸው ይስቃሉ፤ እርስ በርስ ግን አይተያዩም። ሦስተኛው ቀን ላይ አንድ መላጣ ኮረብታ መጣ። እኔም ድምፄን እንደ ሬዲዮ ጋዜጠኛ አወፍሬ፣ የመንግሥት ጦር ለስድስት ቀን የያዘውን ኮረብታ በሰባተኛው ቀን ጧት ለቆ ሸሸ ብዬ አነበብኩ።

ከዘራው ወለሉን መታ አደረገ። «ምን አደረገ?» አሉ ጋሽ ወርቅነህ።

«ሸሸ ይላል።»

«ሸሸ አይባልም፤ አፈገፈገ ነው የሚባለው። በትእዛዝ ነው የሆነው። ሰርዘው።»

«እንዴ! አንቱ እዚያ ነበሩ?» አልኩ በደስታ። በደስታ ነው የምላችሁ! የመጽሐፍ ሰው በረንዳዬ ላይ በአካል ተገኘልኝ ብዬ።

«ነበርኩ።»

የጋሽ ሰይድ መቁጠሪያ ቆመ። «የትኛው ኮረብታ ነው? ያ አናቱ ላይ አንድ ዛፍ ብቻ ያለው?»

«አዎ። አንተ ምን ታውቀዋለህ?»

«በምሥራቅ በኩል ከሥሩ ነበርኩ።»

አእምሮ ያለው ሰው ቢሆን እዚህ ላይ መጽሐፉን ዘግቶ ስለ ሽንኩርት ዋጋ ይጠይቅ ነበር። እኔ ወንበሬን ጠጋ አደረግኩና «እሺ፣ ከዚያስ?» አልኩ።

ጋሽ ሰይድ ሳቁ። ክፉ ሳቅ አልነበረም፤ የጠፋበትን ዕቃ በድንገት ያገኘ ሰው ሳቅ ነው። «ወላሂ ወርቅነህ፣ እንግዲያው ጀርባህን አይቼዋለሁ ማለት ነው! እኛ ጫፉ ላይ ስንደርስ እናንተ በወዲያኛው በኩል አቧራውን እያስነሣችሁ ስትወርዱ እንደ ሚዳቋ ነበር።»

ጋሽ ወርቅነህ አልሳቁም። ቀስ ብለው ተነሡ፤ ሲነሡ ጉልበታቸው ሲንቋቋ ሰማሁት። «ሃያ ዓመት ሙሉ» አሉ፣ «ፊት ለፊቴ ቁጭ ብለህ ጀርባዬን ነበር የምታየው?» ከዘራቸውን ይዘው ፀሐዩ ውስጥ ገቡ። ጋሽ ሰይድ «ቀልድ እኮ ነው! ወርቅነህ!» ብለው ተጣሩ። ሰውዬው አልዞሩም። ጀርባቸውን እያየን እንደሆነ ያውቃሉ፤ ለዚያ ነው መሰለኝ እንደ ሰልፈኛ ቀጥ ብለው የሄዱት።

በማግስቱ ጋሽ ወርቅነህ ባጃጅ ይዘው ማሳ ወርደው ሞተሩን ጭነው ቤታቸው ወሰዱት። ይህን የሰሙት ጋሽ ሰይድ ቱቦውን ጠቅልለው መጋዘናቸው ውስጥ አስገቡና ቆለፉበት። አንዱ ቤት ቱቦ የሌለው ሞተር፣ ሌላው ቤት ሞተር የሌለው ቱቦ፣ መሐል ላይ ደግሞ በዚያ እሳት ፀሐይ ሁለት ማሳ ሽንኩርት። ሽንኩርቱ ለማንም ወግኖ አያውቅም፤ መጠውለግ የጀመረው ግን እሱ ነው።

በሦስተኛው ቀን የሁለቱ ሚስቶች፣ እትዬ አስካለና እትዬ ዘይነባ፣ ክንድ ለክንድ ተያይዘው በረንዳዬ ላይ ወጡ። «እኛ አልተዋጋንም» አሉኝ እትዬ አስካለ ገና ሳይቀመጡ። «እኛ ያን ጊዜ አንተዋወቅም ነበር። አሁን የምናውቀው ሽንኩርቱን ነው።»

እትዬ ዘይነባ ደግሞ መጽሐፉን በሁለት ጣታቸው አንሥተው እንደ ሞተ አይጥ አዩት። «ይህ ነው? አስተግፊሩላህ! ይህን ወረቀት አምጥተህ ሁለት ሽማግሌ አባላህ? በል አስተካክል።»

ሰናይት ከጓዳ ብቅ ብላ «ይሰማችኋል፤ ያስተካክላል» አለች። ከዚያ ወደ እኔ ዞራ በዝግታ «አጎቴ እህል አልቀምስ ብለዋል» አለችኝ። ይህን ስትል አልተቆጣችም። ብትቆጣ ይሻለኝ ነበር።

እኔም ሌሊቱን… አይ፣ ውሸት ነው፤ ሌሊቱን ተኛሁ። ጧት ግን አንድ ብልሃት መጣልኝ። ጠቡ የተነሣው በአንዲት ቃል ነው፤ ስለዚህ ቃሏን ማጥፋት ነው። ምላጭ አውጥቼ «ሸሸ» የሚለውን በጥንቃቄ ፋቅኩና በቦታው «አፈገፈገ» ብዬ ጻፍኩ። ችግሩ «ሸሸ» ሁለት ፊደል ነው፤ «አፈገፈገ» አምስት ፊደል ነው። ለማፈግፈግ ከመሸሽ ይልቅ ብዙ ቦታ እንደሚያስፈልግ ያኔ ነው የገባኝ። ቃሏ ደግሞ ምዕራፉ ውስጥ አሥራ አንድ ቦታ አለች። ለቀጣዩ ሳምንት የቀጠርኩትን የተማሪ ዩኒፎርም ትቼ ግማሽ ቀን ጦር ሳፈገፍግ ዋልኩ።

ይዤው ጋሽ ወርቅነህ ቤት ሄድኩና አነበብኩላቸው። ፊታቸው ፈታ አለ። «አላልኩህም? ደራሲው የተማረ ሰው ነው። ያን ቀን አንተ ነህ ያሳሳትከው።» ደስ አለኝ፤ ወደ ቤት ልሄድ ብድግ ስል «በል አሁን ሰይድ ጋ ውሰድና ይህንኑ አንብብለት!» አሉኝ።

ወሰድኩት። ምን ላድርግ? ጋሽ ሰይድ መጋዘን ደርሼ ማሾ ጆንያ ላይ ተቀምጬ ሳነብ ግን ፈሪነቴ ያዘኝ። የጻፍኩት «አፈገፈገ» ሆኖ ሳለ ከአፌ የሚወጣው «ሸሸ» ሆነ። ጋሽ ሰይድ ራሳቸውን ነቀነቁ። «እኔኮ ዋሽቼ አይደለም። እስቲ ገጹን አሳየኝ፤ ምልክት አድርጌ እልክለታለሁ።» እጃቸውን ዘረጉ። መጽሐፉን ይዤ ወደ ኋላ አልኩ። ያዙት፤ ጎተትኩ፤ ጎተቱት። መነጽራቸውን አድርገው በምላጭ የሳሳውን ወረቀት ወደ ብርሃን ሲያነሡት በቀዳዳው በኩል ዓይናቸው ታየኝ።

«ያ አላህ! ታሪክን በምላጭ ትፍቃለህ?»

ወሬው ከእኔ ቀድሞ ጋሽ ወርቅነህ ቤት ደረሰ። ስደርስ በሩ ላይ ቆመው ነበር። «ስለዚህ ደራሲው ሸሸ ነው ያለው። አፈገፈገ ብለህ የማርከኝ አንተ ነህ። እኔ በልብስ ሰፊ ምሕረት የምኖር ሰው ነኝ?» በሩ ተዘጋ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ሁለቱ የሚስማሙበት ነገር ተገኘ፤ ሁለቱም እኔን አያናግሩኝም።

ሚስቶቹ ይህን ሲሰሙ ሌላ ፍርድ ሰጡ፦ እስኪታረቁ ድረስ ሽንኩርቱን የማጠጣው እኔ ነኝ። አህያ ተከራዩልኝ፣ ጄሪካን ጫኑልኝ። እኔ ከመርፌ የከበደ ነገር አንሥቼ የማላውቅ ሰው፣ ከወንዝ ማሳ፣ ከማሳ ወንዝ፣ ጭንቅላቴ ላይ እርጥብ ፎጣ ጠቅልዬ ስመላለስ ዋልኩ። ያቺ አህያ ከኔ የበለጠ ብልህ ነበረች፤ ጥላ ባየች ቁጥር ትቆማለች፣ እኔ ስጎትታት ደግሞ «ሰው አያፍርም?» የምትል ይመስል ታየኛለች። ሁለተኛው ቀን ላይ አንዱ ጄሪካን ተገለበጠና የጋሽ ሰይድ መደብ ላይ ፈሰሰ። በማግስቱ ጧት ከጋሽ ወርቅነህ መልእክት መጣ፦ «ለታጋዮቹ አዳልተሃል።» ያንን ለማካካስ ለእሳቸው አንድ ጄሪካን ጨመርኩ። ከሰዓት በኋላ ከጋሽ ሰይድ መልእክት መጣ፦ «ለዘመድህ አዳላህ።» ሁለት ሽማግሌዎች፣ ለየብቻ፣ ከየማሳቸው ጫፍ ዛፍ ሥር ተደብቀው ጄሪካኔን ሲቆጥሩ ይውሉ ነበር። ሁለቱም ያዩኛል፤ አንዳቸውም አይረዱኝም። ትከሻዬ ተላጠ። ዩኒፎርም ያዘዙ ወላጆች በረንዳዬ ላይ ተሰልፈው ይጮኻሉ። ሽንኩርቱ ግን፣ ምስጋና ቢሱ፣ ጫፉ ቢጫ ሆነ።

እጅ ሰጠሁና ጋሽ ደምሴ ቤት ሄድኩ። ድንኳን ያሰፉኝን ሰው ለመንኩ ማለት ነው። በማግስቱ ሁለቱን በረንዳዬ ላይ አስጠሩ፤ የእድር ሰብሳቢ ጠርቶ አለመምጣት አይቻልም። ሁለቱ ጀርባ ለጀርባ ሊሆኑ ምንም ባልቀራቸው አቀማመጥ ተቀመጡ። ሚስቶቹ በር ላይ፣ ሰናይት መስኮቱ ላይ ናቸው። ጋሽ ደምሴ ወደ እኔ ዞረው «አንብብ» አሉኝ።

«ጋሽ ደምሴ፣ በማንበብ እኮ ነው…»

«ቁስሉን ሳላይ ፋሻ አልጠቀልልም። አንብብ።»

በዚህ ብቻ አላበቁም። ነገሩ በዓይን ይታየኝ ብለው አንድ ጆንያ ማሾ አስመጥተው መሐል ላይ አስቀመጡ፤ ኮረብታው ይህ ነው ተባለ። ከእኔ መሳቢያ ክር አስወጡ፤ ጥቁሩ ክር ወታደሮቹ፣ ነጩ ታጋዮቹ ይሁኑ አሉ። ጋሽ ወርቅነህ «እኛ ለምን ጥቁር እንሆናለን?» አሉ። በዚህ ላይ ሩብ ሰዓት ሄደ። በመጨረሻ አንዱ ወይን ጠጅ፣ ሌላው ብርቱካናማ ሆነ፤ ሁለቱም የማይወዱት ቀለም ስለሆነ ተስማሙ።

ማንበብ ጀመርኩ። ድምፄ እንደ ሬዲዮ ጋዜጠኛ አልነበረም፤ እንደ ተከሳሽ ነበር። የተፋቁትን ቦታዎች እየዘለልኩ ወደፊት ገፋሁ፤ ከዚህ ቀደም ያልደረስንበት ገጽ ላይ ደረስኩ። ደራሲው እዚያ ላይ፣ ታጋዮቹ ከኮረብታው ግርጌ ከምትፈልቅ ንጹሕ ምንጭ ጥማቸውን እየቆረጡ ለጥቃቱ ተዘጋጁ ይላል።

«ከምን?» አሉ ጋሽ ሰይድ።

«ከምንጭ።»

«የት ያለ ምንጭ?» ብድግ አሉ። መቁጠሪያቸው ወደቀ፤ አላነሡትም። «ምንጭ? እዚያ? አራት ቀን ሙሉ እርጥብ ነገር አላየንም! ቁልቋል አኝከን አፋችን ቆሰለ። ጧት ጧት ድንጋይ ላይ ያደረውን ጠል በምላሳችን እንልስ ነበር። ምላሴ አፌ ውስጥ እንደ ጫማ ሶል ሆኖ የጓደኛዬን ስም መጥራት አቅቶኝ በእጄ ነው የምጠራው የነበረ። ይሄ ሰውዬ ከየት ያመጣውን ምንጭ ነው የሚያፈልቅብን?»

ጋሽ ወርቅነህ ቀስ ብለው ዞሩ። ከተጣሉ ወዲህ ፊት ለፊት ሲያዩዋቸው የመጀመሪያቸው ነው። «ሰይድ» አሉ፣ «ከሥር ምንጭ አልነበረም?»

«ጠብታ አልነበረም።»

«ያ አረንጓዴው ነገር ምንድነው? ከላይ ሆነን አረንጓዴ ነገር ይታየን ነበር እኮ።»

«እሾህ ነዋ። ባዶ እሾህ።»

ጋሽ ወርቅነህ ከዘራቸውን ጉልበታቸው ላይ አጋደሙት። ለማንም ሳይሆን ለማሾው ጆንያ የሚነግሩ ይመስል ተናገሩ። «ትእዛዝ አልነበረም» አሉ። «መቶ አለቃችን ከሞተ ሁለት ቀኑ ነበር። ውሃ የነበረችን አንዲት በርሜል ናት፤ እሷንም ጥይት በሳት። ስትፈስ ቆመን አየናት። መሬቱ ጠጣት። ከዚያ አንዱ ልጅ፣ ከታች ውሃ አለ፣ አረንጓዴው ይታያችኋል አለ። ማንም ማንንም አላዘዘም። ወረድን። ሮጥን። እኔ ከጠላት አይደለም የሮጥኩት ሰይድ፤ ወደ ውሃ ነው የሮጥኩት። አረንጓዴው ጋ ግን ሳልደርስ ቀረሁ። ይህን ለሚስቴም ነግሬ አላውቅም።»

እትዬ አስካለ በሩ ላይ ነጠላቸውን ወደ አፋቸው አስጠጉ።

ጋሽ ሰይድ ተመልሰው ተቀመጡ፤ በዚህኛው ጊዜ ከጋሽ ወርቅነህ አጠገብ። «ያቺን በርሜል እኛም ከታች እናያት ነበር» አሉ። «ፀሐይ ሲያርፍባት ታብለጨልጫለች። ውሃ አላቸው እንባባል ነበር። ኮረብታውን ማን ፈለገው? የድንጋይ ክምር እኮ ነው! ውሃ አላቸው ብለን ነው የወጣነው። ከእኛ ስድስት ልጆች መንገድ ላይ ቀሩ። ስንደርስ በርሜሏ ባዶ። እጄን ከትቼ ታችኛውን ዳበስኩት፤ ዝገት ብቻ።»

ከዚያ የማን እንደሆነ ያልለየሁት ሳቅ ተሰማ፤ ሌላኛውም ተቀበለው። እናንተ ውሃ አለ ብላችሁ ስትወርዱ፣ እኛ ውሃ አለ ብለን ስንወጣ፣ እየተባባሉ ጉልበት ለጉልበት እየተማቱ ሳቁ፣ ሳቁ፣ ሳቁና የሆነ ቦታ ላይ ሳቁ ሌላ ነገር ሆነ። ጋሽ ሰይድ በሽርጣቸው ጫፍ ዓይናቸውን ያዙ። እኔ መርፌ የጠፋብኝ መስዬ ወለሉን ማየት ጀመርኩ።

ከዚያ የመለሱን እትዬ ዘይነባ ናቸው። «አሁን እናንተ ለድሮው ውሃ ስታለቅሱ የዛሬው ሽንኩርት አለቀ እኮ!»

ሁለቱ ሽማግሌዎች ተያዩ። እንደዚያ ያለ ፍጥነት ከዚያ በፊትም ከዚያም በኋላ አላየሁባቸውም። አንዱ ለሞተሩ ባጃጅ ሲያስቆም ሌላው የመጋዘኑን ቁልፍ ከኪሱ ሲፈልግ፣ ማን ይቅደም ሲባባሉ፣ ወጡ። ዕቃ ለማሸከም እኔንም ይዘውኝ ሄዱ፤ ይህን መቼስ ገምታችሁታል። ከፊሉ ሽንኩርት ላይመለስ ደርቆ ነበር፤ የቀረው ግን በሁለት ሳምንት ውስጥ ቀና አለ።

እኔ ነገሩ በዚህ ያበቃል ብዬ ነበር። ጋሽ ደምሴ ግን ፍርድ ያለ ጥፋተኛ አይዘጋም ባይ ናቸው። ሁለቱን ጠየቋቸው። ሁለቱም፣ ያለ አንዳች ማመንታት፣ ጥፋተኛው ደራሲው ነው፣ ከእሱ ቀጥሎ ደግሞ መጽሐፉን ያመጣው ልብስ ሰፊ ነው አሉ። ደራሲው በአካባቢው ስለሌለ ቅጣቱ በሙሉ ወደ እኔ ዞረ፦ በሁለቱ ስም ለደራሲው ደብዳቤ እንድጽፍ ተፈረደብኝ።

አንዲት ገጽ ደብዳቤ ናት። አምስት ቀን ፈጀችብኝ። በመጀመሪያው ቀን የማን ስም ይቅደም በሚለው ተከራከሩ። በሁለተኛው ቀን ኮረብታው አናት ላይ የነበረው ዛፍ ግራር ነው፣ አይደለም፣ ወይራ ነው በሚለው ሊጣሉ ደርሰው ሰናይት ከጓዳ እየሮጠች ወጥታ «ዛፍ ብላችሁ እለፉት!» ብላ ገላገለችን። በሦስተኛው ቀን ጋሽ ወርቅነህ፣ ሩጫውንም ጨምረህ ጻፈው፣ ምንም አልደብቅም አሉኝ። በአራተኛው ቀን ጋሽ ሰይድ የስድስቱን ልጆች ስም በየተራ ነገሩኝ፤ አንዱ ጠፋባቸውና በረንዳዬ ላይ እስኪያስታውሱት ድረስ ተቀመጡ። አስታወሱት። ጻፍኩት። የዚያን ቀን ስለ ሙቀቱ ማንም አላማረረም።

በአምስተኛው ቀን መጨረሻው ላይ ደረስን። የሁለቱም ቃል አንድ ሆኖ እንዲህ ብዬ ጻፍኩ፦ «ምንጭ አልነበረም። ብትጠይቀን ኖሮ እንነግርህ ነበር። በዚህ በኩል ካለፍክ ሸዋ ሮቢት ጎራ በል፤ የጻፍከውን ውሃ እኛ እናጠጣሃለን።» ሁለቱም ፈረሙ። እኔም በደንቡ መሠረት፣ ደብዳቤ እንደሚያውቅ ሰው፣ ከታች «ከአክብሮት ጋር» ብዬ ልጨርስ እስክሪብቶዬን ሳነሣ፣ በድሮው ጊዜ ኮረብታውን ከታችና ከላይ የያዙት ሁለቱ ጦሮች በአንድ ድምፅ ጮኹብኝ፦

«አክብሮቱን ተወው!»